ሕልም ምስክር ሆኖ የቆመበት ችሎት

በ1664 (ዘመኖቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ሆላንዳዊው ሐኪም ኢስብራንድ ቫን ዲመርብሩክ የአንዲት የ50 ዓመት ሴት ሕመም በጽሑፍ አሰፈረ። ሴትዮዋ ቀን ቀን ጠንካራና ጤነኛ ነበረች። ሌሊት ግን ሰይጣን ደረቷ ላይ ወጥቶ ይጫናታል፤ አንዳንዴም ትልቅ ውሻ ወይም ሌባ ሆኖ ይመጣባታል። መተንፈስ ይከብዳታል፣ ድምፅ ማውጣት ያቅታታል፤ ልትገፋው ብትል እጅና እግሯ አይታዘዙላትም።

ሐኪሙ ሰይጣን ነው አላለም። ምክንያቱን ከሰውነቷ ውስጥ ፈልጎ፣ የዘመኑ ሕክምና እንደሚያዘው ደሟ እንዲቀነስና አመጋገቧ እንዲስተካከል አደረገ። መድኃኒቱ ዛሬ የሚደገፍ አይደለም። ታሪኳን ሳያጣጥል አዳምጦ መመዝገቡ ግን ትልቅ ነገር ነው። በዚያው ዘመን ይኸው ነገር ሌላ ቦታ ሰው አሰቅሏል።

ቦታው አሜሪካ፣ በማሳቹሴትስ የምትገኘው ሴለም ነች። በሰኔ 1692 ብሪጅት ቢሾፕ የተባለች ሴት በጥንቆላ ተከስሳ ችሎት ቀረበች። ከመሰከሩባት ሰዎች አንዱ ጆን ላውደር፣ ከዓመታት በፊት ዶሮዎቿ እየገቡበት ስላስቸገሩት ከእርሷ ጋር መጣላቱን ተናገረ። ከጠቡ በኋላ አንድ ሌሊት ደረቱን ከባድ ነገር ተጭኖት ነቃ። ጨረቃዋ ደምቃ ነበርና ቢሾፕ ወይም አምሳያዋ ሆዱ ላይ ተቀምጣ በግልጽ አየ፤ እስኪነጋጋም ስታንቀው አደረች። ሪቻርድ ኮማን የተባለው ሌላ ምስክር ደግሞ ከሚስቱ ጎን ተኝቶ፣ ክፍሉ ውስጥ መብራት እየበራ፣ ይህችው ሴት ገብታ ደረቱ ላይ እንደተኛችበት አስረዳ። ሚስቱን ለመቀስቀስ እንኳ መናገርም መንቀሳቀስም አልቻለም።

እነዚህ ሰዎች ዋሽተዋል ለማለት ይከብዳል። ዛሬ በእንቅልፍ ክሊኒክ የሚሰማው ታሪክ ከእነርሱ ቃል ብዙም አይለይም፤ ክፍሉ እውነተኛ ነው፣ ዓይን ተገልጧል፣ አካል አይንቀሳቀስም፣ የሆነ አካል ደግሞ ይመጣል። ጥፋቱ የችሎቱ ነበር። ዳኞቹ ላውደርና ኮማን ያዩትን ሴትዮዋ የሠራችው ሥራ አድርገው ተቀበሉት። ክሱ በዚህ ብቻ የቆመ ባይሆንም፣ ቢሾፕ ሰኔ 10 ቀን ተሰቀለች፤ በሴለም ከተሰቀሉት 19 ሰዎች የመጀመሪያዋ እርሷ ነች። በጥቅምት አገረ ገዥው ዊልያም ፊፕስ ችሎቱን በተነው። በ1693 መጀመሪያ የተተካው ፍርድ ቤት በአምሳያና በራእይ ላይ የቆመ ምስክርነትን አልቀበልም ሲል፣ ከቀሩት ተከሳሾች አብዛኞቹ ነፃ ወጡ። የቢሾፕ ስም በሕግ የጸዳው ግን በ2001 ነው።

ሳይንሱ መልስ እስኪያገኝ ብዙ ዘመን ፈጅቷል። ለዚህ ገጠመኝ የእንቅልፍ ሽባነት የሚለውን ስም በ1928 የሰጠው የነርቭ ሐኪሙ ኪኒየር ዊልሰን ነው። በ1953 ደግሞ የቺካጎ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች ዓይን በፍጥነት የሚንቀሳቀስበትን የእንቅልፍ ክፍል አገኙ። ሕልም የሚደራው በዚህ ጊዜ ነው፤ ሰው ሕልሙን ተከትሎ እንዳይራገጥና እንዳይሮጥ አንጎል ከዓይንና ከዋናው የመተንፈሻ ጡንቻ በቀር ሰውነቱን ያዝለዋል። አልፎ አልፎ አእምሮ ቀድሞ ይነቃና ሰውነት እንደዛለ ይቀራል። ያኔ ሕልሙ በእውነተኛው ክፍል ላይ ይደረባል። የደረት ጡንቻዎች ስለማይታዘዙ በኃይል ልተንፍስ ያለ ሰው የተጫነው ይመስለዋል።

በ2011 የታተመ አንድ ግምገማ 35 ጥናቶችን ሰብስቦ፣ ከጠቅላላው ሕዝብ 7.6 በመቶ ያህሉ፣ ከተማሪዎች ደግሞ 28.3 በመቶው ቢያንስ አንድ ጊዜ የእንቅልፍ ሽባነት እንደደረሰባቸው አሳይቷል። እንቅልፍ ማጣትና በጀርባ መተኛት ያባብሱታል።

እውቀቱ ተገኘ ማለት ግን ጉዳዩ ተዘጋ ማለት አይደለም። ከ1970ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ ወደ አሜሪካ ከተሰደዱ የደቡብ ምሥራቅ እስያ ሰዎች መካከል ጤነኛ ጎልማሶች በእንቅልፍ ላይ እያሉ ይሞቱ ጀመር። ብዙዎቹ ከላኦስ ተራሮች የመጡ፣ ሞንግ የሚባሉ ሕዝቦች ነበሩ፤ በ1981 ብቻ 26 ሰዎች ሞቱ። ተመራማሪዋ ሼሊ አድለር በካሊፎርኒያ 118 ሞንጎችን አነጋገረች፤ ሌሊት የሚጫናቸውን መንፈስ ዳ ቾ ይሉት ነበር። አገራቸው ሳሉ መንፈሱን የሚመልሱበት ሥርዓት ነበራቸው፤ በስደት ግን ሥርዓቱን መፈጸም ብዙዎችን አቃታቸው። አድለር ፍርሃቱ በዘር ከሚወረስ የልብ ምት ችግር ጋር ተዳምሮ ለሞቱ አስተዋጽኦ አድርጓል ስትል ተከራክራለች።

በእኛም አገር ዱካክ አለ። በተለይ ጫት የሚቅሙ ሰዎች ሲያቋርጡ ሌሊት እንደሚመጣባቸው ይናገራሉ። ጸሎቱና ጠበሉ፣ ቁርአን ማስቀራቱም፣ ለተጨነቀ ሰው መጽናኛ ነውና ማንም አይንቀፈው። ነገር ግን ዱካኩ የሚደጋገምበት፣ በተለይም ቀን ቀን እንቅልፍ የሚጥለው ሰው ሐኪም ዘንድ ይሂድ። ቤተሰቡም ቀልድ አያድርግበት፣ ጎረቤትንም በቡዳነት አይጠርጥር።