ፀሐይ አሳዳጁ ዲከርሰን

እስቲ ጠጋ ጠጋ በሉ። ዛሬ የማወጋችሁ ኧርነስት ዲከርሰን ስለሚባል የካሜራ ሰው ነው።

እ.ኤ.አ. በ1951 ኒው ጀርሲ፣ ኒውዋርክ ከተማ ተወለደ። ዋሽንግተን ሄዶ ሐዋርድ ዩኒቨርሲቲ ሲገባ ሐሳቡ አርክቴክት ለመሆን ነበር። አዎ፣ የጎንደሩ ኃይሌ ገሪማ ስንቱን ፊልም ሠሪ ያፈራበት ሐዋርድ! ዲከርሰን ግን ልቡ ወደ ካሜራ አዘነበለ። ለእንጀራው በሕክምና ትምህርት ቤቱ የቀዶ ሕክምና ፎቶ ሲያነሣ ቆየ። አስቡት፤ ሐኪሞቹ ይቀድዳሉ፣ እሱ ያነሣል። እጁ ቢንቀጠቀጥ ማን ይደግምለታል?

ሲኒማ ሊማር ኒው ዮርክ ሲገባ ስፓይክ ሊ ከሚባል አፈ ሹል ጎረምሳ ጋር ገጠመ። «ሺስ ጋታ ሃቭ ኢት» የተባለውን ጥቁርና ነጭ ፊልም በ12 ቀን ቀርጸው ጨረሱት፤ በ1986 ለሕዝብ ቀረበ።

አሁን ወደ ዋናው ልግባ። ሐምሌ ሲባል ለእኛ ዝናብ ነው፤ ብሩክሊን ላይ ግን ቃጠሎ ነው። ከስፓይክ ሊ ጋር የሠራው «ዱ ዘ ራይት ቲንግ» እዚያው ብሩክሊን የዋለች የአንዲት እጅግ የጋለች ቀን ታሪክ ነው። ቀረጻው ግን በ1988 ከሐምሌ እስከ መስከረም ዘለቀ። እንግዲህ ደመናው ይመጣል፣ ይዘንባል፤ የሁለት ወር ሰማይ እንዴት አንድ ቀን ይሁን? ዲከርሰን ከሰሜን ወደ ደቡብ የተዘረጋ መንገድ ይፈለግ አለ። እንዲህ ያለ መንገድ አንዱ ጎኑ ሁልጊዜ ጥላ ስለሆነ፣ ደመና በመጣ ቀን የተቀረጸው በጥላው ጎን የተቀረጸ ይመስላል። ግድግዳው ቀይ ተቀባ፤ ሰማያዊና አረንጓዴ እንዲቀንስ ተደረገ። አየሩ እንዲርገበገብ ደግሞ ከሌንሱ ሥር እሳት ተያዘ። ተመልካቹ ወንበሩ ላይ ቁጭ ብሎ አላበው! የኒው ዮርክ የፊልም ሐያስያንም በ1989 ለቀረጻው ሸለሙት።

1992 ላይ ሁለት ነገር ሆነ። የቀረጸው «ማልኮም ኤክስ» ወጣ፤ በራሱ ዳይሬክተርነት የሠራው «ጁስ»ም ለዕይታ በቃ። ራፐሩን ቱፓክ ሻኩርን በትልቅ ገጸ ባሕርይ ለሲኒማ ያስተዋወቀው ይኸው ፊልም ነው።

ከዚያ በኋላ የሠራቸው አንዳንድ ፊልሞች መካከለኛ ናቸው፤ አልደብቃችሁም። ቴሌቪዥን ግን ተስማማው፦ የባልቲሞሩ «ዘ ዋየር»፣ ከዚያም «ዘ ዎኪንግ ዴድ»። የተከታታይ ድራማ ዳይሬክተር እንግዳ ነው፤ ቤቱ የጸሐፊዎቹ ነው፣ ተዋናዩም ጠባዩም አስቀድሞ ተበጅቶ ይጠብቀዋል። ጥቂት ቀን ይሰጠዋል፣ ክፍሉን ቀርጾ ይሄዳል። እንዲህ ባለው ጥድፊያ ብርሃን የሚያነብ ዳይሬክተር ወርቅ ነው። «ከሲኒማ ወረደ» የሚሉትን እኔ አልሰማም።

እናንተ ደግሞ «ዱ ዘ ራይት ቲንግ»ን ስታዩ ለአፍታ ተዋናዮቹን ተዉና ጥላው የት እንደወደቀ እዩልኝ።