ስለ ሸክላ፣ ስለ ክርና ስለ ሙሉ ድምፅ

ሰበታ፣ ቡራዩና ሱሉልታ በጅማ፣ በአምቦና በጎጃም መንገድ የአዲስ አበባ ደጆች ናቸው። ከነዚህ ከተሞች እየተመላለስን የምንማር ጓደኛሞች፣ ሙላቱ አስታጥቄ በ1972 (እ.ኤ.አ.) ኒው ዮርክ ያስቀረጸውን «ሙላቱ ኦፍ ኢትዮጵያ» የተባለ አልበም በሁለት ዓይነት ቅጂ ሰምተን አመዛዘንን። የታሪክ ተማሪ ይህን እንደ ጨዋታ ሊቆጥረው አይገባም፤ ድምፅም ሰነድ ነውና።

የሲዲ ድምፅ በሴኮንድ 1,411,200 ቢት ይይዛል። በስልክ የሚዞረው ኤምፒ3 ብዙ ጊዜ 128,000 ብቻ ነው፤ የቀረው «ጆሮ አያስተውለውም» ተብሎ የተጣለ ስለ ሆነ ከዚያው ቅጂ መልሶ አይገኝም። በ2001 የወጣው ፍላክ ግን ድምፁን እንደ ነጠላ አጥፎ ያስቀምጣል፤ ሲዘረጋ አንዲት ቢት አትጎድልም።

በታክሲ ውስጥ ልዩነቱ አይለይም። ሱሉልታ ላይ ሌሊት፣ ውሻ እንኳ ዝም ሲል፣ የቫይብራፎኑ ንዝረት ቀስ እያለ ሲከስም፣ የፍሉት ነፊው ትንፋሽም ከዜማው ተለይቶ ይሰማል። በትንሹ ቅጂ ይኸው ጭራው ተቆርጦ አገኘነው።

ሆኖም ፍላክ ምንጩን አያሻሽልም። የተፋቀ ሸክላ ቢቀዱበት ፍቀቱን በታማኝነት ይጠብቃል፤ ከኤምፒ3 ተገልብጦ ፍላክ የተባለውም ስሙ ብቻ ነው። የዚህ አልበም ዕድል መልካም ሆኖ በ2017 ከዋናው ክር ተቀድቶ፣ ሞኖው ቅንብር ጭምር ታትሟል። ከሸክላ ወደ ካሴት፣ ከካሴት ወደ ስልክ እየተገለበጡ የመጡት ብዙዎቹ ዘፈኖቻችን ግን ይህን አላገኙም። ስለዚህ በቤቱ አሮጌ ሸክላ ወይም ክር ያለው አንባቢ፣ ለቆራሌው ከመስጠቱ በፊት በሙሉ ድምፅ እንዲያስቀዳው እንለምናለን።