ሮበርት ጃክሰን

ሮበርት ጃክሰን (እ.ኤ.አ. 1892–1954) ከግብር ጠበቃነት ተነስተው የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ዳኛ የሆኑ የሕግ ሰው ናቸው። በፔንሲልቬንያ ገጠር ተወለዱ። በኦልባኒ የሕግ ትምህርት ቤት የቆዩት አንድ ዓመት ብቻ ነው፤ ሙያውን በአብዛኛው የቀሰሙት በጠበቃ ቢሮ ውስጥ ሲሆን በጄምስታውን ከተማ 20 ዓመት ያህል በጥብቅና ሠሩ።

በ1934 ፕሬዚዳንት ሩዝቬልት የአገር ውስጥ ገቢ መሥሪያ ቤት ዋና የሕግ አማካሪ አድርገው ሾሟቸው። ስማቸውን ያስጠራው በቀድሞው የገንዘብ ሚኒስትር በአንድሩ ሜለን ላይ ያካሄዱት የግብር ክርክር ነው። አንድ የትንሽ ከተማ ጠበቃ ከአገሪቱ ታላላቅ ሀብታሞች አንዱን በምስክር ወንበር ላይ መጠየቁ በእርግጥም ድፍረት ነበር። የግብር ይግባኝ ቦርዱ በ1937፣ ሜለን ካረፉ በኋላ፣ የማጭበርበሩን ክስ ውድቅ አድርጎ የተወሰነ ቀሪ ግብር እንዲከፈል ወሰነ።

ጃክሰን ጠቅላይ ዐቃቤ ሕግ ሆነው ካገለገሉ በኋላ በ1941 የዳኝነቱን ወንበር ያዙ። በ1943 ዶብሰን በተባለ የግብር መዝገብ በጻፉት ፍርድ፣ ይግባኝ ሰሚ ፍርድ ቤቶች የቦርዱን ስፍራ የያዘውን የግብር ፍርድ ቤት ልዩ ዕውቀት እንዲያከብሩ አዘዙ፤ ኮንግረስ ግን በ1948 መርሁን በሕግ ሻረው። በ1945 የናዚ መሪዎች በተዳኙበት የኑረምበርግ ችሎት የአሜሪካ ዋና ዐቃቤ ሕግ ሆኑ። ኦክቶበር 9 ቀን 1954 በዳኝነት ሥራቸው ላይ ሳሉ አረፉ።