ቁልፉ በማን እጅ ነው? ስለ ሆምብሩ፣ ስለ እጅ ጌምና ስለ ፊደላችን

ስለ ሀገራችን ታሪክና ፖለቲካ ከእኔ በላይ የሚጽፉ ብዙ ምሁራን ስላሉ፣ እኔ በሙያዬ ኢንጂነር እንደመሆኔ ዛሬ ወጣ ያለ የሚመስል ርዕስ ይዤ ቀርቤአለሁ። ርዕሱ ልጆቻችን ባቡር ውስጥ አንገታቸውን ደፍተው የሚጫወቱበት በእጅ የሚያዝ የጌም ማሽን ነው። «ይህ ደግሞ ከእኛ ጋር ምን አገናኘው?» የሚል አንባቢ ቢኖር አይፈረድበትም። ነገር ግን እስከ መጨረሻው ቢታገሡኝ፣ ጉዳዩ የፊደላችን ጉዳይ መሆኑን ለማሳየት እሞክራለሁ። ነጥቤ በአጭሩ ይህ ነው፤ ባለቤቱ የራሱን ፕሮግራም እንዳይጭንበት በተቆለፈ ማሽን ላይ፣ ገበያ የሌለው ቋንቋ ቦታ አያገኝም። (ዓመታቱ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

በመጀመሪያ ስለ ቃሉ። ፈረንጆች «ሆምብሩ» የሚሉት ቃል በቀጥታ ሲፈታ ቤት ውስጥ የተጠመቀ ማለት ነው። እናቶቻችን ጌሾና ብቅል አዋሕደው ጠላ ሲጠምቁ የቢራ ፋብሪካ ፈቃድ ጠይቀው አያውቁም። ሆምብሩም እንዲሁ ነው። የማሽኑ ኩባንያ ሳያዘው፣ ሳይፈቅድለትና ሳይሸጠው አንድ ሰው ቤቱ ተቀምጦ ለማሽኑ የሚጽፈው ፕሮግራም ነው። ጌም ሊሆን ይችላል፤ መዝገበ ቃላት ወይም የመጽሐፍ ማንበቢያም ሊሆን ይችላል።

የዚህ ታሪክ ዋነኛ ማሽኖች ሁለት ናቸው። ኒንቴንዶ ዲኤስ በማርች 2005፣ የሶኒው ፒኤስፒ ደግሞ በሴፕቴምበር 2005 ወደ አውሮፓ ገበያ ገቡ። ሁለቱም የተቆለፉ ነበሩ። በተለይ ፒኤስፒ ኩባንያው በምስጢር ቁልፉ ያላተመበትን ፕሮግራም አያስኬድም፤ ማኅተም የሌለው ደብዳቤ የመንግሥት መሥሪያ ቤት ውስጥ ዋጋ እንደሌለው ማለት ነው። ይሁንና ጃፓን ውስጥ የተሸጡት የመጀመሪያዎቹ ፒኤስፒዎች ማኅተሙን በቅጡ አይመረምሩም ነበርና፣ በ2005 አጋማሽ ላይ ወጣቶች የራሳቸውን ፕሮግራም አስኬዱባቸው። ኩባንያው ያንን በር ዘጋ። በዚያው ዓመት ሴፕቴምበር ላይ ግን ቨርዥን 2.00 ባለው ማሽን ላይ ሌላ ቀዳዳ ተገኘ። ቀዳዳው «ቲፍ» የሚባለውን የሥዕል ዓይነት በሚያሳየው ክፍል ውስጥ ነበር። ሥዕሉ ከተመደበለት ቦታ በላይ ሆኖ ይዘጋጃል፤ ከዋንጫ አፍ ሞልቶ እንደሚፈስ ጠላ ትርፉ ወደ ጎረቤት ማኅደረ ትውስታ ይፈስና እዚያ ያለውን ትእዛዝ ይተካል። ከዚያ በኋላ ማሽኑ የሚሰማው ባለቤቱን ነው። በ2007 ደግሞ «የፓንዶራ ባትሪ» መጣ። ፒኤስፒ ሲነሳ የባትሪውን መለያ ቁጥር ያነባል፤ ቁጥሩ ተቀይሮ ከሆነ የኩባንያው ጠጋኝ የመጣ ይመስለውና መነሻውን ፕሮግራም ከሜሞሪ ስቲኩ ላይ ይወስዳል። ለዲኤስ ደግሞ መንገዱ አጭር ነበር፤ አር-ፎር የሚባለውና መሰሎቹ በጌሙ ቦታ የሚገቡ ትንንሽ ካርዶች ነበሩ።

ማሽኑ አንዴ ከተከፈተ የቀረው ሥራ ቀላል ነው። በዩኤስቢ ገመድ ከኮምፒዩተር ጋር ያገናኙታል፤ ሜሞሪ ስቲኩ ላይ «ጌም» በሚለው ፎልደር ውስጥ ሌላ ፎልደር ይከፍታሉ፤ ፋይሉን ይገለብጣሉ። አደጋው ያለው ቀደም ብሎ ነው፤ የማሽኑ ሲስተም በሚቀየርበት ሰዓት ባትሪው ካለቀ ማሽኑ ተመልሶ ላይነሳ ይችላል።

እዚህ ሆላንድ ይህ ባህል ከፒኤስፒ ብዙ ይቀድማል። በ1980ዎቹ የሆላንድ ሬዲዮ «ሆቢስኮፕ» በተባለው ዝግጅቱ የኮምፒዩተር ፕሮግራሞችን በድምፅ መልክ ያሰራጭ ነበር። አድማጩ ጩኸቱን በካሴት ይቀዳና ኮምፒዩተሩ ላይ ይጭነዋል። እያንዳንዱ የኮምፒዩተር ዓይነት የራሱ ቤዚክ ስለነበረው አንዱ የጻፈውን ሌላው ማንበብ አይችልም ነበርና «ቤዚኮድ» የሚባል የጋራ መግባቢያ ፈጠሩ። በኦገስት 1989 ደግሞ አምስተርዳም ውስጥ፣ ቀድሞ ጸሎት ቤት በነበረው በፓራዲሶ አዳራሽ፣ ከልዩ ልዩ ሀገሮች የመጡ ሃከሮች ተሰበሰቡ። «ሃክ-ቲክ» በተባለው መጽሔት ዙሪያ የነበሩት ሰዎች በ1993 ኢንተርኔትን ለተራው ሕዝብ ያቀረበውን «ኤክስኤስፎርኦል» መሠረቱ፤ ስሙ ሲነበብ «መግቢያ ለሁሉም» ማለት ነው። እንዲህ ባለ ሀገር ላይ የሚያድግ ልጅ የገዛውን ማሽን ከፍቶ ማየትን እንደ ወንጀል አይቆጥረውም።

እኔም በ2007 ሮተርዳም ቢንነሮተ ከሚባለው ገበያ አንድ ያገለገለ ፒኤስፒ ገዛሁ። ምክንያቴ ጌም አልነበረም። ሄግ የሚኖሩ ወዳጆቼ ቅዳሜ ቅዳሜ ልጆቻቸውን ሰብስበው አማርኛ ያስተምሩ ነበር፤ ልጆቹ ግን የፊደል ገበታውን ትተው ዓይናቸው ከጠረጴዛ ሥር ከደበቁት ማሽን አይነቀልም። «ፊደሉን ለምን ማሽኑ ውስጥ አናስገባላቸውም?» አልኩ። አስቀድሜ በሕጋዊው መንገድ ለመሄድ ለአንድ የጌም ኩባንያ ጻፍኩ። የመጣልኝ መልስ የተመዘገበ ድርጅት፣ ቢሮና ብዙ ሺህ ዩሮ የሚያወጣ የማሰናጃ መሣሪያ እንደሚያስፈልገኝ የሚገልጽ ነበር። ለአሥራ ሁለት ልጆች!

ስለዚህ ወደ ሆምብሩ ዞርኩ። ነፃው የፒኤስፒ ማሰናጃ ስብስብ ስክሪን ላይ ለመጻፍ የሚሰጠው 256 ቦታ ያለው፣ እያንዳንዱ ምልክት 8 በ8 ነጥብ የሆነ የላቲን ፊደል ነበር። ስሙ «ኤምኤስኤክስ» ነው፤ የዚሁ ሀገር ፊሊፕስ በ1980ዎቹ ይሠራቸው ከነበሩት የቤት ኮምፒዩተሮች ስም የተወሰደ ነው። በ8 በ8 ነጥብ «ጭ»ንና «ጬ»ን መለየት ዓይን ያደክማል። ስለዚህ 33ቱን ፊደላት በ7 አባዝቼ 231ዱን ሆሄያት 16 በ16 ነጥብ አድርጌ ሣልኳቸው። አንዱ 32 ባይት፣ ሁሉም ተደምረው 7,392 ባይት ሆኑ። ማሽኑ 32 ሜጋ ባይት ማኅደረ ትውስታ አለው። እንግዲህ ልብ ይበሉ፤ ፊደላችን እዚያ ውስጥ ያልነበረው ቦታ ጠቦ ወይም ቴክኒኩ ከብዶ አይደለም። የሚያስገባው ሰው ቁልፍ ስላልነበረው ነው።

ፒኤስፒ አራት የአቅጣጫና አራት የቅርጽ ቁልፎች አሉት፤ በድምሩ ስምንት። ሰባቱን ለግዕዝ፣ ካዕብ፣ ሣልስ፣ ራብዕ፣ ኃምስ፣ ሳድስና ሳብዕ ሰጠኋቸው፤ ስምንተኛው መውጫ ሆነ። ማሽኑ ድምፁን ይጠራል፤ ልጁ ፊደሉ ከላይ ወርዶ መሬት ሳይነካ ትክክለኛውን ቁልፍ ይጫናል። አንዲት የስምንት ዓመት ልጅ ግን «ጋሼ፣ ሀ እና ሃ እኮ አንድ ናቸው! ለምን ስህተት ይለኛል?» ብላ ፊት ለፊት ሞገተችኝ። ያን ቀን ጌሙ ቀርቶ ስለ ግዕዝ ድምፆች ግማሽ ሰዓት ተወያየን። ለእኔ ትልቁ ውጤት እሱ ነበር።

ወደ ኋላ ተመልሰን ካየን፣ ፊደላችን በባዕድ መሣሪያ ውስጥ ቦታ ያገኘው ሁልጊዜ በእንዲህ ዓይነት ሰዎች ጥረት ነው። ዮሐንስ ፖትከን የተባለ ጀርመናዊ ሮም ከነበሩ ኢትዮጵያውያን መነኮሳት ተምሮ መዝሙረ ዳዊትን በግዕዝ ያሳተመው በ1513 ነው፤ ከሄግ በባቡር ሩብ ሰዓት በማይሞላው በላይደንም በ1650ዎቹ የግዕዝ መጻሕፍት ታትመዋል። በኋላ የጽሕፈት መኪና መጣ፤ የተሠራው ከመቶ ለማይበልጡ ምልክቶች ነበርና ኢንጂነር አያና ብሩ በዚያ ጠባብ ማሽን ላይ አማርኛን ለማስጻፍ ደከሙ። በ1980ዎቹ ደግሞ አሜሪካ የሚኖሩት ዶ/ር አበራ ሞላና አቶ ፍስሐ አጥላው በየፊናቸው ፊደላችንን ኮምፒዩተር ላይ አስጻፉ። ማን ቀደመ የሚለውን ክርክር ለሌላ ቀን ልተወው። ነገር ግን ያኔ እያንዳንዱ ፕሮግራም ሆሄያቱን በየራሱ ቅደም ተከተል ስለሚያስቀምጥ፣ በአንዱ የተጻፈ በሌላው ሲከፈት የማይነበብ ቡራቡሬ ይሆን ነበር። ልክ እንደ ሆላንዶቹ ቤዚኮድ የጋራ መግባቢያ ያገኘነው በ1999 ዩኒኮድ 3.0 ፊደላችንን ሲቀበል ነው። ይህ ሁሉ ሊሆን የቻለው ኮምፒዩተሩ ክፍት ስለነበረ ነው። ዶ/ር አበራም ሆኑ አቶ ፍስሐ ፕሮግራማቸውን ለመጫን የማንንም ማኅተም መለመን አላስፈለጋቸውም።

አሁን ወደ ሕጉ ልምጣ። በጁላይ 2010 የሄግ ፍርድ ቤት ኒንቴንዶ ባቀረበው ክስ መሠረት የኢንተርኔት መደብሮች አር-ፎርንና መሰል ካርዶችን እንዳይሸጡ ከለከለ። በዚያው ወር የለንደን ፍርድ ቤትም ተመሳሳይ ውሳኔ ሰጠ፤ ካርዱ ለሕጋዊ ሥራም መዋል መቻሉ ብቻውን መከላከያ አይሆንም አለ። በሐቅ እንነጋገር ከተባለ ክሱ መሠረት ነበረው። አብዛኛው ገዢ ካርዱን የፈለገው ጌም በነፃ ለመገልበጥ ነው። እዚሁ አምስተርዳም ጌሪላ ጌምስ የተባለው ድርጅት በ2006 «ኪልዞን፡ ሊበሬሽን»ን ለፒኤስፒ አውጥቷል፤ እንዲህ ያለ ሥራ ላይ የሚለፉ ባለሙያዎች ደሞዛቸው የሚከፈለው ሥራቸው ሲሸጥ ነው። የሰው ላብ መስረቅን የቴክኖሎጂ ነፃነት ብሎ መጥራት አይገባም።

ሆኖም ሌባውም፣ የራሱን ፊደል የሚያስገባውም የሚጠቀሙት ያንኑ ቁልፍ ነው። ቁልፉ ሲከለከል ሌባው ሌላ መንገድ ያገኛል፤ አሥራ ሁለት ልጆች የሚያስተምረው ሰው ግን አያገኝም። የአውሮፓ ኅብረት ፍርድ ቤትም ቢሆን ቀስ በቀስ ነገሩን ለይቶ ማየት ጀምሯል። በጃንዋሪ 2014 ኒንቴንዶ ከአንድ የጣልያን ድርጅት ጋር በነበረው ጉዳይ፣ ዳኞች ቁልፉ ከሚገባው በላይ ሕጋዊ ሥራን ያግድ እንደሆነና ሰዎች መሣሪያውን በተግባር ለምን እንደሚጠቀሙበት መመርመር አለባቸው አለ። በኦክቶበር 2024 ደግሞ ፒኤስፒን በሚመለከት ክርክር፣ ጌሙ እየሄደ ሳለ ማኅደረ ትውስታው ውስጥ ያሉትን ተለዋዋጭ ቁጥሮች ብቻ መቀየር የጌሙን የቅጂ መብት አይነካም ሲል ወሰነ።

ከሀገር ቤት አንድ ምሳሌ ልጨምር። በ2012 «ለእያንዳንዱ ልጅ አንድ ላፕቶፕ» የተባለው የአሜሪካ ድርጅት ወንጪና ወለንጪቲ አካባቢ ባሉ ሁለት መንደሮች ማንበብ ለማይችሉ ሕፃናት በፀሐይ ኃይል የሚሞሉ የሞቶሮላ ታብሌቶችን ሰጠ። መሥራቹ ኒኮላስ ኔግሮፖንቴ በዚያው ዓመት እንደተናገሩት፣ ልጆቹ በአምስት ወር ውስጥ የተቆለፈውን ሲስተም አልፈው ተዘግቶ የነበረውን ካሜራ አሠሩት። ዓለም በልጆቹ ብልህነት ተደነቀ። እኔን ያሳሰበኝ ሌላ ነው። ልጆቹ ከዚያ ታብሌት የተማሩት የእንግሊዝኛ ኤቢሲ ነበር። ቁልፉን ለመስበር አላነሱም፤ ቁልፉን ከሰበሩ በኋላ ግን በቤታቸው ቋንቋ የተጻፈ ፕሮግራም የሚያቀብላቸው ሰው አልነበረም። ይህ የእኛ የቤት ሥራ ነው።

ዛሬ የእጅ ማሽን ማለት ከሁሉ በፊት ስልክ ነው። የመጀመሪያዎቹ ስማርት ስልኮች አማርኛን በባዶ ሳጥን ያሳዩን እንደነበር ብዙዎቻችን እናስታውሳለን። በስልኩም ላይ ያው ክርክር ቀጥሏል። መቀመጫው ሄግ የሆነው የሆላንድ የሸማቾችና የገበያ ባለሥልጣን በ2021 አፕል በመተግበሪያ መደብሩ ያለውን የበላይነት ያለአግባብ ተጠቅሟል አለ፤ ጉዳዩ የፍቅር ጓደኛ ማገናኛ መተግበሪያዎች የክፍያ መንገድ ነበር፤ ቅጣቱም 50 ሚሊዮን ዩሮ ደረሰ። በጁን 2025 የሮተርዳም ፍርድ ቤት ውሳኔውን አጸናው። ከማርች 2024 ጀምሮም የአውሮፓ ኅብረት ሕግ አፕል ሌሎች መደብሮችን እንዲፈቅድ አስገድዶታል። የጌም ማሽኖች ግን ይህ ሕግ ከሚያስገድዳቸው ውስጥ አልተካተቱም።

በእኔ አስተያየት ይህን ክርክር የሃከሮችና የነጋዴዎች ጠብ አድርገን ዳር ቆመን ማየት አይገባንም። ስለ ቋንቋችን መጥፋት በየስብሰባው የምናዝን ምሁራን፣ ለልጃችን ማሽን ስንገዛ «በዚህ ላይ የራሳችንን ፕሮግራም መጫን ይቻላል ወይ?» ብለን እንጠይቅ። ፕሮግራም የምንጽፍ ደግሞ ጽሑፉን ክፍት እናድርገው፤ በአማርኛ ብቻ ሳይሆን በኦሮምኛ፣ በትግርኛና በሌሎቹም ቋንቋዎቻችን ሌላው እንዲቀጥልበት። የፒኤስፒ ምርት በ2014 ቆሟል። የእኔ 231 ሆሄያት ግን ባትሪው እስካለ ድረስ ይሠራሉ፤ ያቺ ልጅም አድጋ ባለፈው ዓመት ፋይሉን ለታናናሽ ወንድሞቿ ወስዳለች።

ቸር ይግጠመን።