የጨርጨር ዋንዛ

አሰበ ተፈሪ ላይ እኔ መላጊያ ስጨብጥ ቁም ሳጥን ማለት የዋንዛ ቁም ሳጥን ነበር። የሙሽራ አልጋም፣ የመስጊድ በርም፣ የቤተ ክርስቲያን ከበሮም የሚሠራው ከእሱ ነው። የዳሩ ነጭ እንጨት ለነቀዝ ይሰጣል፤ ቀላ ያለው ልቡ ግን ሌላ ነው። በደንብ ከደረቀ አይጣመምም፤ ፍቅፋቂው ሳይበጣጠስ ተጠቅልሎ ይወጣል፤ ቫርኒሽ ሲነካው ይደምቃል። ባሕር ዛፍ ዛሬ ብታጋጥመው ነገ ይሰነጠቃል። ስለ ኤምዲኤፍ ባልናገር ይሻላል።

ከተማችን በ1910ዎቹ፣ ኋላ በጅሮንድ የሆኑት ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም ጨርጨርን ሲያስተዳድሩ፣ የሞዴል አውራጃ መዲና እንድትሆን ተብላ የተሠራች ናት። ለጥገና እጄ የገቡት የድሮ ቤቶች በሮች ዋንዛና ዝግባ ናቸው።

ዝግባው የጫካ ነው። ዋንዛ ግን (ኦሮሞው ወዴሳ ይለዋል) በእኛ አገር የገበሬ ዛፍ ነው። በሂርና፣ በበዴሳ፣ በገለምሶ በኩል ከቡናው መሐል፣ ከማሽላው ዳር፣ ከወንዙ አፋፍ ይቆማል። ለቡናው ጥላ፣ ለንቡ አበባ፣ ለልጆች ያ የሚያጣብቅ ጣፋጭ ፍሬ አለው። ሲያረጅ ደግሞ ጣውላ ነው።

በ1967 የገጠር መሬት የመንግሥት ሆነ። በ1986 የወጣው የደን አዋጅ ቁጥር 94 ደግሞ ኮሶን፣ ዋንዛን፣ ዝግባንና ጥድን ከመንግሥትና ከክልል ደን መቁረጥ ከለከለ። ለዝግባውና ለጥዱ እሰየው! የደጋ አጋዘን የሚጠለልበት የኩኒ ሙክታር ተራራ ጥበቃ ያስፈልገዋል። ኬላ ላይ ግን የገበሬውን ጓሮ ከመንግሥት ደን ለይቶ የሚጠይቅ አልነበረም። ገበሬው አባቱ ያሳደገውን ዛፍ ሸጦልኝ፣ ጣውላዬ ኬላ ላይ ተወርሶ ባዶ እጄን ገብቻለሁ። እንዲህ ያየ ገበሬ ለነገ ብሎ ዋንዛ አያሳድግም። በዚያ ላይ ጫት መጣ፤ ጫት እንደ ቡና ጥላ አይለምንም። ቡናው ሲነቀል ጥላው አብሮ ወደቀ።

በ1999 እና በ2010 የወጡት አዋጆች የግል ደንን ያውቃሉ፤ የ2010ሩ የማኅበረሰብንም ጨምሯል። እኔ ከመጀመሪያውም መባል የነበረበት ይህ ነው ባይ ነኝ። ዋንዛን በጨርጨር ያቆየው ዘበኛ ሳይሆን ባለ ማሳው ነው።

ማሳ ያላችሁ የጨርጨር ሰዎች፣ በክረምት ከዳር ራሱ የሚበቅለውን የዋንዛ ችግኝ ከአረም ጋር አትንቀሉት።