ዘንዶው ከሞተ በኋላ፦ የንግሥተ ሳባን ሥዕላዊ ትረካ እስከ መጨረሻው ማንበብ

እ.ኤ.አ. በ2018 ኢታን ኮሚክስ «ጀምበር»ን በአማርኛና በእንግሊዝኛ ሲያወጣ፣ ብዙዎች ከተፈጥሮ በላይ ኃይል ያለው ኢትዮጵያዊ ጀግና የተሣለበት የመጀመሪያው ኮሚክ ብለው ተቀበሉት። ኅትመቱ በእርግጥ አዲስ ነው። ይሁን እንጂ ተአምራዊ ታሪክን በተከታታይ ሥዕልና በአጭር ጽሑፍ መተረክ ለአማርኛ አንባቢ እንግዳ ነገር አይደለም። በሸራ ላይ የሚሣለው የንግሥተ ሳባ ታሪክ በአዲስ አበባ ሠዓሊዎች እጅ ሲባዛ ብዙ አሥርት ዓመታት አልፈዋል። በዚህ ጽሑፍ ላሳይ የምሞክረው፣ ይህን ሸራ የሥነ ጽሑፍ ተማሪ እንደ መጽሐፍ ከመጀመሪያው ሥዕል እስከ መጨረሻው ቢያነበው ታሪኩ በተለምዶ ከሚታወቅበት መልክ ምን ያህል እንደሚለይ ነው።

በብዛት የሚገኘው ቅጂ 44 ሥዕሎች ያሉት ሲሆን፣ በአራት ረድፍ 11፣ 11 ሆነው ይደረደራሉ። የሚነበበውም እንደ ፊደላችን ከግራ ወደ ቀኝ፣ ከላይ ወደ ታች ነው። ከየሥዕሉ ጋር አጭር የአማርኛ መግለጫ ይጻፋል። ደጉን በሁለት ዓይን፣ ክፉውን በጎን ገጽታው በአንድ ዓይን የማሳየት የቤተ ክርስቲያን ሥዕል ልማድም ስላለ፣ ፊደል ያልቆጠረ ሰው እንኳ ማን ከማን ወገን እንደሆነ መለየት አያቅተውም። ሸራው ለውጭ አገር ጎብኚ የሚሸጥ ዕቃ ሆኖ ስለቆየ ይመስለኛል፣ የሥነ ጽሑፍ ሰዎች ለሥነ ጥበብ ተመራማሪዎች ትተነዋል።

ትረካው የሚጀምረው በዘንዶ ነው። ሕዝቡ አርዌ ለተባለው ዘንዶ ይገብራል። አንጋቦ የሚባል ሰው ዘንዶውን ቢገድል እንዲያነግሡት ይዋዋልና መርዝ የበላ ፍየል ያቀርብለታል። ዘንዶው ፍየሉን ውጦ ይሞታል፤ አንጋቦ ይነግሣል፤ ከእሱም በኋላ ልጁ ማክዳ ዙፋኑን ትወርሳለች። ይህ ክፍል በክብረ ነገሥት ትረካ ውስጥ የለም። በ14ኛው መቶ ዓመት በይስሐቅ ዘአክሱም ስም የሚታወቀው ያ መጽሐፍ ንግሥቲቱን የሚያስተዋውቀን ነግሣ፣ ነጋዴዋ ታምሪንም ስለ ሰሎሞን ሊነግራት ሲመጣ ነው። ሠዓሊዎቹ የዘንዶውን ታሪክ ከቃል ትውፊት አምጥተው ከመጽሐፉ ፊት ቀጠሉት። ኤኖ ሊትማን እ.ኤ.አ. በ1904 ባሳተመው የትግረ ትውፊት ደግሞ የዘንዶው ደም እግሯ ላይ ነጥቦ ተረከዟ የአህያ ተረከዝ ይሆናል፤ ወደ ኢየሩሳሌም የምትሄደውም ፈውስ ፍለጋ ነው። እንደ ሴራ ካየነው ይህኛው የጠበቀ ነው፤ ዘንዶውንና ጉዞውን አንድ ጉዳት ያስተሳስራቸዋል። በሸራው ላይ ግን ዘንዶው ሞቶ ይረሳል፣ ወይም የተረሳ ይመስላል።

የሸራውን ቅጂ በጂንካ ለተማሪዎች ሳነብ፣ ለረጅም ጊዜ ያከራከረን የፍየሉ ሥዕል ነበር። በሐመርና በአካባቢው ባሉ ሕዝቦች ዘንድ ሽማግሌዎች የታረደ ፍየል አንጀት አይተው ስለሚመጣው ነገር ይናገራሉ። ከዚያ ወገን የሆነ አንድ ተማሪ፣ ዘንዶው ፍየሉን ሳያርድ ስለዋጠው ነው እንጂ አንጀቱን ቢያይ ኖሮ መሞቻውን ባወቀ ነበር አለ። ክፍሉ ሳቀ። አስተያየቱ ግን ከባድ ነው፤ ልጁ ሥዕሉን ማንበብ ከሚያውቅ ኅብረተሰብ እንደመጣ አንባቢ፣ ዘንዶውንም ማንበብ እንዳልቻለ አንባቢ አድርጎ አይቶታል።

አብዛኛው ተራኪ ታሪኩን የሚያቆመው በውኃው ጽዋ ላይ ነው። ሰሎሞን ቅመም የበዛበት ምግብ ያበላታል፣ ከቤቱ አንዳች ነገር በግድ እንዳትወስድ ያስምላታል፣ ሌሊት ውኃ ስትጠጣ ይይዛታል። በዚያ ላይ ቢቋጭ የፍቅርና የብልጠት ተረት ሆኖ ይቀራል። የተከታዮቹ ረድፎች ጉዳይ ግን ሌላ ነው። ምኒልክ አድጎ አባቱን ፍለጋ ይሄዳል፤ የካህኑ የሳዶቅ ልጅ አዛርያስ በታቦተ ጽዮን ቦታ እንጨት ተክቶ ታቦቷን ይዞ ይወጣል። ክብረ ነገሥት እንደሚለው ቅዱስ ሚካኤል እየመራቸው ሠረገሎቹ ከምድር አንድ ክንድ ከፍ ብለው ይጓዛሉ፤ የ13 ቀን መንገድም በአንድ ቀን ያልቃል። ምናባዊ ትረካ ከዚህ በላይ ምን ይፈልጋል? ታቦቷ አክሱም ስትገባ ማክዳ ዙፋኗን ለልጇ ትለቃለች፤ በመጽሐፉም ከእንግዲህ ሴት እንዳትነግሥ መኳንንቱን ታስምላለች።

እንግዲህ በዘንዶው ሞት ዙፋን ያገኘችው ሴት በራሷ ቃል ከታሪኩ ትወጣለች። በጽዋው ላይ ያቆመ አንባቢ ይህን አያይም። ትረካው የንግሥቲቱ ይመስላል እንጂ የሚሄደው ንግሥት ወደሌለችበት መንግሥት ነው። ይህ መጨረሻ በሸራ ላይ ብቻ አልቀረም፤ የ1948 ዓ.ም. የተሻሻለው ሕገ መንግሥት አንቀጽ 2 የንጉሠ ነገሥቱን ዘር ከንግሥተ ሳባና ከሰሎሞን ልጅ ከቀዳማዊ ምኒልክ ይመዝዛል። ዘውዱ በ1967 ዓ.ም. እስኪሻር ድረስ የአክሱም ሰውም የጂንካ ሰውም በዚሁ ታሪክ ስም ተገዝቷል። ከ1909 እስከ 1922 ዓ.ም. የነገሡት ንግሥት ዘውዲቱ ከመሐላው ጋር እንዴት እንደሚታረቁ ሸራው አይጠየቅም፤ የታሪክ ሰው ግን ሊጠይቅ ይገባዋል።

የደቡብ ኦሞ ሰው የራሱ የአነጋገሥ ትረካ አለው። ጂን ላይዳልና ኢቮ ሽትሬከር እ.ኤ.አ. በ1979 ባሳተሙት ሦስት ቅጽ ሥራ ሁለተኛ መጽሐፍ፣ ባልዳምቤ የተባለው ሐመር የሕዝቡን አመጣጥ ይተርካል። የቢታው የመጀመሪያ አባት ከአሪ መጥቶ በሐመር ተራሮች ላይ እሳት ያነድዳል፤ እሳቱን ያዩ ሰዎችም ከአሪ፣ ከማሌ፣ ከፀማይ፣ ከኮንሶ፣ ከካራ ይመጡና ይሰበሰባሉ። የሚገደል ዘንዶ የለም፤ ተሰርቆ የሚመጣ ታቦትም የለም። የሚታይ እሳት አለ። በአማርኛ የሥነ ጽሑፍ ትምህርት የንግሥተ ሳባን ታሪክ የመነሻ ትረካ ብለን ስናስተምር ይህንን «ፎክሎር» ብለን ለሌላ ክፍለ ትምህርት መተዋችን ከልማድ በቀር ምክንያት ያለው አይመስለኝም። ሁለቱም ከቃል የመጡ ናቸው፤ አንደኛው ሠዓሊ አገኘ፣ ሁለተኛው ገና አላገኘም።

በመጨረሻ ስለ ገረዲቱ አንድ ነገር ላንሳ። በሸራው ላይ ከንግሥቲቱ ጋር የሄደችው ገረድም ውኃ ጠጥታ በሰሎሞን እጅ ትወድቃለች። ክብረ ነገሥት እሷን አያውቃትም፤ ሠዓሊዎቹ ግን ቦታ ሰጥተዋታል። የላስታ ትውፊት የዛጔ ነገሥታትን ዘር ከእሷ ልጅ ይቆጥራል። በእጄ ባለው ቅጂ ላይ ገረዲቱ ጽዋውን ይዛ ትታያለች፤ ልጇን ግን ከ44ቱ ሥዕሎች በአንዱም ላይ አላገኘሁትም።