የአውሬዎቹ ሳቅ፦ «ፋቡላ»ን እንደገና ስናየው

«የመጀመሪያውን የኢትዮጵያ ቲያትር ማን ጻፈው?» ቢባል ሁላችንም ፈጥነን እንመልሳለን፦ በጅሮንድ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም፤ «ፋቡላ፦ የአውሬዎች ኮሜዲያ»። ማርካችንን ተቀብለን እናልፋለን። ውስጡ ምን አለ? ለምንስ ታገደ? ቢባል ግን ጭጭ ነው። «የመጀመሪያው» የሚለው ማዕረግ ለዚህ ድርሰት የመቃብር ድንጋይ ሆኖበታል እኮ!

ደራሲው በልጅነታቸው ወደ ሩሲያ ተወስደው የመድፈኝነት ትምህርት የተማሩ፣ የአውሮፓን ቲያትር በዓይናቸው ያዩ ሰው ነበሩ። አገር ቤት ሲመለሱ ቲያትር ተብሎ የሚቀርበው ዘፈንና ጭፈራ ብቻ ሆኖ ቢያገኙት አልተዋጠላቸውም። ስለዚህ ብዕራቸውን አነሡ፤ የፈረንሳዊውን የላ ፎንቴንን ተረቶች ተከትለው እንስሳትን አናገሩ። ዘመኑን አንዳንዶቹ 1905፣ ሌሎች 1913 ዓ.ም. ያደርጉታል። አዲስ አበባ፣ ቴራስ ሆቴል፣ መኳንንቱ ፊት ታየ። በአውሬ ስም የተነቀፈው ግን የሹማምንቱ ጉቦኝነትና የአስተዳደሩ ኋላ ቀርነት ነበር። በንግሥት ዘውዲቱ ዘመን (1909–1922 ዓ.ም.) ድርሰቱ ታገደ፤ ቲያትር ራሱም ተከለከለ።

ብዙ ጊዜ የሚሰጠው ሂስ «ተረት ነው፣ ድራማ አይደለም» የሚል ነው። እውነት አለው፤ ተረት ከተረት ቢቀጠል ጠንካራ ሴራ አይወጣውም። ነገር ግን ጥያቄው መቅረብ ያለበት እንዲህ ነው፦ ሹምን በስሙ መንቀፍ በማይቻልበት አገር፣ ጸሐፊ በምን አፍ ይናገር? ባለቅኔው ሰም ለብሶ ወርቁን እንደሚያቀብል ሁሉ፣ ተክለ ሐዋርያትም የአውሬ ቆዳ አለበሱት። መኳንንቱ ወርቁን ለማግኘት መምህር አላስፈለጋቸውም። እንግዲህ የድርሰቱን ጉልበት ከሃያሲ ይልቅ ያገደው ክፍል ቀድሞ መሰከረለት ማለት ነው።

ይህን ስንል ድርሰቱን ከልኩ በላይ እንስቀለው ማለታችን አይደለም። ሰፊው ሕዝብ አላየውም። ደራሲውም የቤተ መንግሥቱ ሰው ነበሩ፤ የ1923ቱን ሕገ መንግሥት ያረቀቁት እሳቸው ናቸው። ሳቁ ከውጭ የተወረወረ ድንጋይ ሳይሆን፣ ከውስጥ «ቤታችንን እንጥረግ» የሚል የለውጥ ፈላጊ ድምፅ ነበር። ያም ሆኖ አልተቻለም። ለዘብተኛው ተግሣጽ እንኳ ካልተቻለ፣ ሥርዓቱ ምን ያህል ስንጥቅ እንደነበር ከዚህ በላይ ማስረጃ አያሻም።

ክልከላው ከቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዘውድ መጫን በኋላ ሲነሣ፣ ዮፍታሔ ንጉሤና መላኩ በጎሰው መድረኩን መልሰው ያቆሙት በማን ነው? በተማሪ! ታዲያ እኛ የሀዋሳ ተማሪዎች «ፋቡላ»ን ለፈተና ሸምድደን ከምንረሳው፣ ፈልገን ብናነበው፣ አንድ ምሽትም ሰብሰብ ብለን ድምፅ ሰጥተነው ብንሰማው ምን ይለናል? ጅብና ጦጣ በተረት ያሳደጉን ልጆች ነንና ቋንቋው አይጠፋንም። ስንስቅ ደግሞ በማን ላይ እንደምንስቅ እንወቅ።